ከ39 በፊት የነበረው

ስለ ዩጋንዳ የክሪኬት ብሔራዊ ቡድን አንድ ነገር የሰማ ሰው ካገኛችሁ፣ የሰማው ነገር 39 ነው። በ2024 የቲ-20 ዓለም ዋንጫ ከዌስት ኢንዲስ ጋር ገጥመው መላው ቡድን ያገኘው 39 ነጥብ ብቻ ነበር። በዋንጫው ታሪክ ከዚያ በታች የወረደ ቡድን አልነበረም። ውርደቱን የምትጋራቸው የ2014ቷ ኔዘርላንድስ ብቻ ናት። (ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው የምጽፈው። የስፖርቱ መዝገብ በዚያ ስለሆነ ነው፤ ሁለቱን ካቀላቀልኩ እኔም እናንተም እንጠፋለን።)

በማግስቱ ካባላጋላ ውስጥ አንድ ያገሬ ልጅ ውጤቱን ስልኩ ላይ እያሳየኝ ሳቀ። "ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ማለት ይሄ ነው" አለኝ። ማስረጃም ነበረው። አሠልጣኙ የመጣው ውድድሩ ደጅ ላይ ሲደርስ ነው። ማሊያቸው እንኳ የተስተካከለው በመጨረሻው ሰዓት ነው። እና ምን ይጠበቃል?

ተረቱን እወደዋለሁ። ለዚህ ቡድን ግን አይሠራም። እነዚህ ሰዎች ታጥቀው የጨረሱት ገና ድሮ ነው። ችግሩ ሌላ ቦታ ነው ያለው፤ እሱን ነው ዛሬ የማወራችሁ።

ካምፓላን ለማታውቁ፣ ካባላጋላ አበሻ የበዛበት ሰፈር ነው። እንጀራው፣ ቡናው፣ ጭቅጭቁ ሁሉ አለ። ቅዳሜ ማታ የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ ካለ ወንበር አይገኝም። ክሪኬት ግን ማንም አያይም። እኔም አላይም ነበር። ሉጎጎ የሚባለው ሜዳ ከናጉሩ ኮረብታ ግርጌ፣ ከገበያ አዳራሾቹ አጠገብ ነው ያለው። በዚያ በኩል ጉዳይ ኖሮኝ ስመላለስ ሣር ላይ ተበታትነው የቆሙ ሰዎች አያለሁ። ምንም የማይሆንበት ጨዋታ ነበር የሚመስለኝ። ቆም ብዬ ማየት የጀመርኩት ዝናብ ይዞኝ ነው። ዝናቡ አባርቶም ቆየሁ።

ሕጉን በአጭሩ ልበላችሁ። አንዱ ቡድን ይወረውራል፣ ሌላው በጠፍጣፋ ዱላ ይመታል። መቺው ከጀርባው የተተከሉትን ሦስት እንጨቶች ይጠብቃል። ኳሱ እንጨቶቹን ካገኛቸው ይወጣል። የመታውን ኳስ መሬት ሳይነካ ከቀለቡበትም ይወጣል። ሌሎች መውጫዎችም አሉ፤ ተዉአቸው። አሥር ሰው ከወጣ የዚያ ቡድን ተራ አበቃ። በቲ-20 ለእያንዳንዱ ቡድን የሚወረወርለት 120 ኳስ ነው። በዚያ ውስጥ 150 እና 160 ነጥብ ማግኘት የተለመደ ነው። 39 ምን ማለት እንደሆነ ከዚህ ይገባችኋል።

አንዲት የምግብ ቤት ባለቤት ስልኬ ላይ አየችውና "ገና ነው እንዴ የሚጫወቱት?" አለችኝ። ዱላና ኳስ ስላየች ነው። በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ ይባላል። በክሪኬትስ ጌታም ሎሌም ይቆጣል።

አሁን ወደ ኋላ እንሂድ።

ክሪኬትን ወደ ዩጋንዳ ያመጡት እንግሊዞች ናቸው። ከተማ ውስጥ በክለብ አደራጅተው ያቆዩት በአብዛኛው ከሕንድ የመጡ ቤተሰቦች ነበሩ። በ1972 ኢዲ አሚን እነዚያን ቤተሰቦች በ90 ቀን ውስጥ ከአገር ውጡ አላቸው። ሱቁ፣ ፋብሪካው፣ ቤቱ ባዶ ቀረ። የክሪኬት ክለቡም ባዶ ቀረ። ስለዚያ ዘመን ሲወራ ስለ ንብረቱ ነው የሚወራው፤ ጨዋታ ማን ያስታውሳል። ጨዋታውን ከመጥፋት ያዳኑት እንደ ቡሶጋ ኮሌጅ ምዊሪ እና ኪንግስ ኮሌጅ ቡዶ ያሉ ትምህርት ቤቶች ናቸው። ዛሬም የአንድ ዩጋንዳዊ ተጫዋች ታሪክ ሲነገር ብዙ ጊዜ ከትምህርት ቤት ነው የሚጀምረው።

ከማባረሩ ሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1975፣ የመጀመሪያው የክሪኬት ዓለም ዋንጫ እንግሊዝ ውስጥ ተካሄደ። "ምሥራቅ አፍሪካ" የሚባል ጥምር ቡድን ተጋብዞ ነበር። ከኬንያ፣ ከዩጋንዳ፣ ከታንዛኒያና ከዛምቢያ የተሰበሰቡ ሰዎች ናቸው። ከዩጋንዳ ሳም ዋሉሲምቢ እና ጆን ናጌንዳ ነበሩበት። የመጀመሪያው ጨዋታ ከኒውዚላንድ ጋር ሲሆን ግሌን ተርነር የሚባል መቺ ብቻውን 171 ነጥብ አስቆጠረ፤ አልወጣምም። መላው የምሥራቅ አፍሪካ ቡድን ያገኘው 128 ነው። ሦስቱንም ጨዋታ ተሸንፈው ተመለሱ። ጥምር ቡድን እንዴት ይዘጋጃል? አራት አገር ተበታትነህ፣ በዓመት ስንት ቀን አብረህ ልትጫወት?

ናጌንዳ ዓለም ዋንጫ ላይ የተጫወተው ያቺን አንድ ጨዋታ ነው። በኋላ ደራሲና የጋዜጣ ጸሐፊ ሆነ። የፕሬዚዳንት ሙሴቬኒ አማካሪም ነበር። ያረፈው በ2023 መጋቢት አካባቢ ነው። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ዩጋንዳ በራሷ ስም ለዓለም ዋንጫ አለፈች። ትንሽ ወራት ቢቆይ ኖሮ ምን ይጽፍ ነበር እያልኩ አስባለሁ። ምላሱ ስለት ነው ይሉት ነበር፤ ማሞገስ ብቻ አይሆንም ነበር።

እና በ2023 ያለፈው ቡድን ማን ነው? ስሞቹን ተመልከቱ። አምበሉ ብራያን ማሳባ። በዓለም ዋንጫው ላይ ምክትሉ የሆነው ሪያዛት አሊ ሻህ፣ ጊልጊት፣ ፓኪስታን የተወለደ። አልፔሽ ራምጃኒ፣ ከሙምባይ የመጣ። ዲኔሽ ናክራኒ፣ እሱም ከሕንድ። ጁማ ሚያጊ እና ሳይመን ሴሳዚ፣ ከናጉሩ ድሃ ሰፈር። ሮጀር ሙካሳ እና ታላቅ ወንድሙ ፍራንክ ንሱቡጋ። ሕንዶቹና ፓኪስታኒው በ1972 የተባረሩት ሰዎች ልጆች አይደሉም። በኋለኛው ዘመን ኑሮ ፍለጋ የመጡ ናቸው፤ እንደኛው። ቢሆንም አሚን ባዶ ያስቀረው ሜዳ ላይ ከናጉሩ ልጆች ጋር አንድ ማሊያ ለብሰው ሲቆሙ ማየት ደስ ይላል። "ዩጋንዳዊ አይደሉም" እያለ የሚያጉረመርም አይጠፋም። ታክሲ ውስጥ ሰምቻለሁ። ሲያሸንፉ ግን ማጉረምረሙ ቀነስ ይላል።

ንሱቡጋን ለብቻው ማንሳት አለብኝ። የተወለደው በ1980 ነው። በ1997፣ ገና በ16 ዓመቱ፣ ለምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ ጥምር ቡድን ተሰልፏል። ያኔ ሚያጊ አልተወለደም። ከዚያ በኋላ ምድብ ሲወርዱ፣ ምድብ ሲወጡ፣ አሠልጣኝ ሲቀያየር፣ ገንዘብ ሲጠፋ፣ አብረውት የተሰለፉ ሰዎች አንድ በአንድ ሲተዉት እሱ አለ። ዓለም ዋንጫ ሲደርስ 43 ዓመቱ ነበር። የዚህ ሰው ዝግጅት መቼ ነው የጀመረው ትላላችሁ? አሠልጣኙ ሲመጣ?

አንድ የሕግ ለውጥም አለ፤ ደረቅ ነው ግን ያለ እሱ ነገሩ አይገባም። የዓለም የክሪኬት ምክር ቤት ከጃንዋሪ 2019 ጀምሮ በአባል አገሮች መካከል የሚደረግ ማንኛውም የቲ-20 ጨዋታ ይፋዊ ዓለም አቀፍ ጨዋታ ይሁን አለ። ከዚያ በፊት እንደ ሩዋንዳና ቦትስዋና ያሉት እርስ በርስ ቢጫወቱ መዝገብ የሚያነሳው አልነበረም። አሁን ሁሉም ይቆጠራል። ደረጃም ያስገኛል። ዩጋንዳ ይህን ዕድል አልለቀቀችም። ናይሮቢ ውድድር አለ ሲባል ናይሮቢ፣ ኪጋሊ ሲባል ኪጋሊ። በ2023 ብቻ 29 ጨዋታ አሸነፉ። በአንድ ዓመት ውስጥ በወንዶች ቲ-20 ይህን ያህል ያሸነፈ አገር አልነበረም፤ ከዚያ በፊት ክብረ ወሰኑ የሕንድ ሲሆን በ2022 የተመዘገበ 28 ነበር። ራምጃኒ በዚያ ዓመት 55 መቺ አስወጣ። ምክር ቤቱ የዓመቱ ምርጥ የቲ-20 ቡድን ብሎ ከመረጣቸው 11 ሰዎች አንዱ እሱ ሆነ።

29 ድል። እውነት ነው፣ አብዛኞቹ በጎረቤት ላይ ናቸው። ግን ሰው ከጠራው ጋር ነው የሚጫወተው። ትልልቆቹ አይጠሩህም። ሕንድ ካምፓላ መጥታ ለልምምድ ብላ አትገጥምህም። ደርቢ በደርቢ እየተጋጠምክ ነው እጅህን የምታፍታታው።

ከዚያ ዊንድሁክ፣ ናሚቢያ፤ የዓለም ዋንጫው ማጣሪያ። ሰባት የአፍሪካ ቡድኖች፣ ሁለት ቦታ። ናሚቢያና ዚምባብዌ ያልፋሉ ተብሎ ነበር። ዩጋንዳ ለናሚቢያ ተሸነፈች። ኖቬምበር 26 ቀን ከዚምባብዌ ጋር ወጡ። ዚምባብዌ ሙሉ አባል ናት፤ ከትልልቆቹ ጋር አምስት ቀን የሚፈጀውን ጨዋታ የምትጫወት አገር ማለት ነው። ዩጋንዳ በቲ-20 እንዲህ ያለ ቡድን አሸንፋ አታውቅም። ዚምባብዌ 136 አስመዘገበች። ሪያዛት 42፣ ራምጃኒ 40 መቱ፤ ዩጋንዳ አምስት ኳስ ሲቀር 138 ገባች። ከአራት ቀን በኋላ ሩዋንዳን በ65 አስቁመው ነጥቡን በ49 ኳስ ብቻ ጨረሱት። አለፉ።

ቢሮ አብሮኝ የሚሠራ አንድ ዩጋንዳዊ አለ። እግር ኳስ እንጂ ክሪኬት አይወድም። በማግስቱ ጠዋት ቢጫ ማሊያ ለብሶ መጣ። የእግር ኳሱን ቡድን ማሊያ! "ሌላ የለኝም" አለኝ። የሱቁ ሰው የክሪኬቱን ገና አላመጣም ነበር።

ከዚህ በኋላ ያሉት ስድስት ወራት ናቸው ሰዎች "ዝግጅት" የሚሏቸው። ለዓመታት ያሠለጠናቸው ደቡብ አፍሪካዊው ሎረንስ ማህትላኔ ቀደም ብሎ ሄዷል። ውድድሩ ሲቃረብ ሕንዳዊው አብሀይ ሻርማ ተሾመ። ሻርማ በአገሩ ትልልቅ ስሞችን ያየ ሰው ነው። እንደመጣ የገረመው ነገር አንዳንዶቹ ልጆች የሚኖሩበት ሁኔታ ነበር፤ ለጋዜጠኞችም ደጋግሞ ተናግሮታል። እዚህ ለምንኖረው ዜና አይደለም። ናጉሩ ላይ አንዱ ወገን ባለ አጥር ቪላ ነው፣ ሌላው ወገን ቆርቆሮ። ሜዳው ታች ነው። ልጆቹ ወርደው ነው የሚማሩት።

ማሊያው ነገር ደግሞ እንዲህ ነው። የቡድኑ ቅጽል ስም፣ ክሬንስ፣ የመጣው ከብሔራዊዋ ወፍ ነው፤ ባለ ዘውዷ፣ ረጅም እግሯ ክሬን። እጅጌው ላይ የወፏን ላባ በደንብ አድርገው አሳትመው አቀረቡ። ያምር ነበር። ምክር ቤቱ ላባው የስፖንሰሩን አርማ ሸፍኗል ብሎ አስቀነሰው። ያገሬ ልጅ "የመጨረሻ ሰዓት" ያለው ይሄን ነው። እኔ ግን እስካሁን አልተዋጠልኝም። የዩጋንዳን ላባ ከስፖንሰር ማስታወቂያ በታች አድርጉት ማለት ምን ይሉታል?

በእነዚያ ወራት ሉጎጎ ሳልፍ ቆም እል ነበር። መረብ ውስጥ አንድ ወጣት ይመታል። አሠልጣኙ ረጅም የፕላስቲክ እጀታ ይዟል። ጫፉ እንደ ጭልፋ ጎድጎድ ያለ ነው፤ ኳሱን እዚያ ላይ አስቀምጦ ይወነጭፈዋል። በክንድ ብቻ ሊወረወር ከሚችለው በላይ ይፈጥናል። ወጣቱ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ሦስት ኳሶች አላገኛቸውም። ዱላው የወረደው ኳሱ ካለፈ በኋላ ነበር። አሠልጣኙ ምንም አላለም። ሌላ ወነጨፈ። ቀስ በቀስ ልጁ እጁን አሳጠረ፤ ዱላውን ወደ ኋላ ብዙ መሳብ ተወ። ከዚያ አንዱን ከመረቡ ጥግ ላይ "ጧ" አደረጋት። ድምፁ አሁንም ጆሮዬ ውስጥ አለ።

ቁጥሩ ቀላል ነው። በሁለቱ ጫፎች መካከል ያለው ርቀት 20 ሜትር ከትንሽ ነው። ኳሱ በሰዓት 140 ኪሎ ሜትር ከመጣ መቺው ያለው ጊዜ ግማሽ ሰከንድ ገደማ ነው። በዚያ ውስጥ ኳሱን ማየት፣ የት እንደሚያርፍ መገመት፣ እግር ማንቀሳቀስ፣ ዱላ ማውረድ አለበት። ዓይን ይህን የሚለምደው በመደጋገም ነው። ኪጋሊና ናይሮቢ ላይ በ120 የሚመጣ ኳስ የለመደ ዓይን ሌላ ዓይን ነው። እና በአካባቢያችን 140 የሚወረውር ሰው ከየት ታመጣለህ? ጭልፋዋ ፍጥነቱን ታመጣለች። የወርዋሪውን ትከሻ፣ አንጓውን፣ ኳሱ አየር ላይ ሲታጠፍ የሚያደርገውን ተንኮል ግን አታመጣም።

ጨዋታዎቹ ጉያና ውስጥ ነበሩ፤ የመጨረሻው ትሪኒዳድ። አብዛኞቹ በኛ ሰዓት ከሌሊቱ 9፡30 ላይ ነው የሚጀምሩት። (የካምፓላ አካባቢ ሰዎች፣ ባጋንዳዎችም፣ ሰዓት እንደኛው ከጠዋት ጀምረው ነው የሚቆጥሩት። ቀጠሮ ላይ የማልጣላቸው ለዚህ ነው፤ ማርፈዱ ሌላ ነገር ነው።) የመጀመሪያው ከአፍጋኒስታን ጋር ነበር። የአፍጋኒስታን ሁለት የመጀመሪያ መቺዎች ብቻቸውን 154 ነጥብ ከሰበሰቡ በኋላ ነው አንዱ የወጣው። 183 ሆነ። ከዚያ ፋዛልሃቅ ፋሩቂ የሚባል ግራኝ ፈጣን ወርዋሪ መጣ። 9 ነጥብ ብቻ ሰጥቶ አምስት ሰው አስወጣ። ዩጋንዳ 58።

ሁለተኛው ጨዋታ ከፓፑዋ ኒው ጊኒ ጋር ነው። ይሄን ቀስ ብዬ ልናገረው።

ሌሊት 8፡30 ነው። ሰፈሩ ጭር ብሏል። መብራት አለ፣ ተመስገን። ፓፑዋዎች ይመታሉ። ማሳባ ኳሱን ለንሱቡጋ ሰጠው። ንሱቡጋ ፈጣን አይደለም። ተራምዶ መጥቶ በቀስታ የሚያሽከረክር ሰው ነው። አካሄዱ የሚቸኩል ሰው አካሄድ አይደለም። ሃያ አራት ኳስ ወረወረ። የሰጠው ነጥብ አራት ነው። አራት! ሁለት ሰው አስወጣ። በዓለም ዋንጫው ታሪክ ሙሉ ተራውን ጨርሶ ይህን ያህል የቆጠበ ወርዋሪ እስከዚያ ሌሊት አልነበረም። (ከቀናት በኋላ የኒውዚላንዱ ሎኪ ፈርጉሰን እነዚያኑ ፓፑዋዎች ሃያ አራት ኳስ ወርውሮ ምንም ነጥብ ሳይሰጥ ቀረ። ክብረ ወሰኑ ሁለት ሳምንት አልሞላውም። ይሁን።) ከዱላው ጫፍ ያለፈች ኳስ ሁሉ እዚህ ሉጎጎ ላይ ለሃያ ሰባት ዓመት የተወረወረች ነች። በስድስት ወር ዝግጅት የሚመጣ ነገር አይደለም።

ፓፑዋ 77 ላይ አለቀች። ቀላል ነው ብላችሁ ከሆነ እኔም እንደዚያ ብዬ ሻይ ልጥድ ተነሳሁ። ስመለስ ዩጋንዳ ሦስት ሰው አጥታለች። ትንሽ ቆይቶ አምስት ሰው ወጥቶ ነጥቡ 26 ነበር። ሪያዛት ቆመ። 56 ኳስ ተወርውሮለት 33 ነጥብ ብቻ አገኘ። በቲ-20 ይሄ ዘገምተኛ ነው፤ ሌላ ቀን ቢሆን ይሰደባል። በዚያ ሌሊት ግን የሚያስፈልገው አለመውጣት ብቻ ነበር። ሚያጊ፣ የናጉሩው ልጅ፣ ሥራው መወርወር ነው፤ መምታት አይደለም። ከሪያዛት ጋር ቆሞ አብረው ነጥቡን ገፉት። ሪያዛት መድረሻው አካባቢ ወጣ። ቢሆንም አሥር ኳስ ሲቀር 78 ገቡ። ዩጋንዳ ዓለም ዋንጫ ላይ አሸነፈች። ከ1975 ጀምሮ ዩጋንዳዊ በዚህ ደረጃ አሸንፎ ሲወጣ ይሄ የመጀመሪያው ነው።

በረንዳ ላይ ወጣሁ። የሚነግሩት ሰው የለም። አንድ የቦዳ ቦዳ ልጅ ሞተሩ ላይ ተኝቷል። ቀስቅሼ ልንገረው ብዬ ተውኩት።

ከዚያ 39 መጣ። ዌስት ኢንዲስ 173፣ ዩጋንዳ በ72 ኳስ 39። ሁለት አሃዝ የገባው ብቸኛ ሰው ሚያጊ ነው፣ 13፤ አልወጣምም። ቀጥሎ ኒውዚላንድ፣ 40። በሃያ አራት ኳስ አራት ነጥብ ብቻ መስጠት ምን ማለት እንደሆነ ቲም ሳውዚም አሳያቸው፤ ሦስት ሰው ይዞ።

እዚህ ጋ የፍጥነት ወሬዬ ይሰናከላል፤ ልሸፍነው አልፈልግም። የ39ኙን ጉድ የሠራው አኪል ሆሴን ነው። 11 ነጥብ ሰጥቶ አምስት ሰው አስወጥቷል። ሆሴን ደግሞ ፈጣን አይደለም። ግራኝ፣ የሚያሽከረክር ወርዋሪ ነው። ራምጃኒም ግራኝ ነው፤ የሚያሽከረክር። ሄንሪ ሴንዮንዶም እንዲሁ። የዩጋንዳ መቺዎች መረብ ውስጥ በየቀኑ የሚያዩት ይህንኑ ዓይነት ኳስ ነው። ታዲያ ምን ነካቸው?

የራሴን ግምት ልስጥ። የሆሴን ኳስ ከራምጃኒ የሚለየው በዓይነቱ አይደለም። ራምጃኒ ከስድስት ኳስ አንዷን ትንሽ ያሳጥራል፤ መቺው እሷን ጠብቆ ይተነፍሳል። ሆሴን አያሳጥርም። ስድስቱም እንጨት ላይ ናቸው። አንዱ ይታጠፋል፣ አንዱ ቀጥ ብሎ ይገባል፣ ከእጁ መለየት አይቻልም። በጎረቤት ሜዳ ላይ ያገኘኸው 29 ድል የሰጠህ ልማድ የምትተነፍስባትን ኳስ መጠበቅ ነው። እዚህ እሷ አትመጣም። ይህን ደግሞ ማንም አሠልጣኝ በሁለት ወር አያስተምርህም፤ ሆሴንን ራሱን ደጋግመህ ካልገጠምክ በቀር። ያን ሌሊት ነበር አብዛኞቹ እንደዚያ ያለ ሰው የገጠሙት።

ስለዚህ "ተዘጋጅተው አልመጡም" ሲባል ያናድደኛል። "ምን ሊሠሩ መጡ" የሚሉትማ ባሰ። እኛ ይህን ማወቅ አለብን። ዋልያዎቹ ከ31 ዓመት በኋላ በ2013 አፍሪካ ዋንጫ ሲገቡ ከዛምቢያ ጋር 1 ለ 1 ወጥተን አበድን። በረኛችን በቀይ ወጥቶ፣ በአሥር ሰው፣ አዳነ ግርማ ያገባት ጎል! ቀጥሎ ቡርኪናፋሶ 4፣ ናይጄሪያ 2 አገቡብን፤ እኛ ምንም። ማን ነው ዛሬ ያንን ዋንጫ በ4 ለ 0 የሚያስታውሰው? የአዳነን ነው የምናስታውሰው። ያገሬን ልጅ ይሄን ስለው ትንሽ ዝም አለ። ከዚያ "ያኛው እግር ኳስ ነው" አለኝ። መልስ ሲያጣ እንደዚያ ነው።

ከውድድሩ በኋላ ማሳባ አምበልነቱን ለቀቀ። ሪያዛት ተረከበ። በ2025 ሐራሬ ላይ የሚቀጥለው ማጣሪያ ተካሄደ፤ የ2026ቱ ዋንጫ ሕንድና ስሪላንካ ውስጥ ነበር። ከአፍሪካ ሁለት ቦታ ነበር፤ ናሚቢያና ዚምባብዌ ወሰዱት። ዩጋንዳ ግማሽ ፍጻሜም አልደረሰችም። ከእሷ ምድብ ከዚምባብዌ ጋር ያለፈችው ታንዛኒያ ናት።

ታንዛኒያን በ2023 ዊንድሁክ ላይ አሸንፈዋት ነበር። ኪጋሊም ላይ ተገናኝተዋል። ሰሞኑን የሚመላለሰኝ ይህ ነው። ዩጋንዳ ጎረቤቶቿን እየገጠመች እጇን ስታፍታታ፣ ጎረቤቶቿም ያንን ሁሉ ጊዜ ዩጋንዳን እየገጠሙ ነበር። ዳሬሰላም ውስጥ መረብ ውስጥ ያለ ልጅ ራምጃኒን ደጋግሞ ገጥሞታል። የምታሳጥረዋን ኳስ እየጠበቀ።